መዶሻው ሲቆም ካሜራውን አታጥፉ፦ የፊንላንድ ቀራጺን በሥራ ላይ የሚያሳይ አጭር ዶክመንተሪ እንዴት ይሠራል?

ድንጋዩ የተሰነጠቀው ካሜራዬን ካጠፋሁ በኋላ ነው።

ቀራጺዋ ግራናይቱን በመስመር ዘጠኝ ቦታ በስተው በየቀዳዳው የብረት ሽብልቅ ከተውበታል። ከግራ ወደ ቀኝ እያንዳንዱን አንድ አንዴ ይመታሉ። ጨርሰው ደግሞ ከግራ ይጀምራሉ። ሦስት ዙር ከሄዱ በኋላ መዶሻውን አስቀምጠው ዝም ብለው ቆሙ። እኔ እረፍት የወጡ መስሎኝ ባትሪ ለመቆጠብ አጠፋሁ። ትንሽ ቆይቶ፣ ማንም ሳይነካው፣ ድንጋዩ «ጧ!» አለ። ቀጭን መስመር ከዳር እስከ ዳር ሮጠ። እሳቸው አልደነገጡም። ቆመው ይጠብቁ የነበረው እሱን ነው።

ከዚያ ቀን በኋላ አቀራረጼ ተለወጠ። የቀራጺ ሥራ ምቱ ብቻ እንዳልሆነ ያየሁት ያኔ ነው። ቀራጺ ትልቁን ሥራ የሚሠራው ቆሞ ሲያይ፣ ሲሰማ፣ ሲወስን ነው። ከዚህ በታች ያለው ሁሉ ያንን ጊዜ ካሜራ ውስጥ ለማስገባት የሚረዳ ነው። የማስበው ከስድስት እስከ ስምንት ደቂቃ የሚሆን ፊልም፣ አንድ ካሜራና አንድ ወይም ሁለት ሰው ነው።

በነገራችን ላይ፣ በአማርኛ ድንጋይም ይቀረጻል፣ ድምፅም ይቀረጻል፣ ፊልምም ይቀረጻል። ፊንላንዶች ቀራጺን «ኩቫንቬይስታያ» ይሉታል። ኩቫ ምስል ነው፤ ቬይስታያ ደግሞ ጠርቦ የሚያወጣ። ካሜራ የያዘውን ሰው ከዚያው ከኩቫ አውጥተው «ኩቫያ» ይሉታል። ሁለቱም ቋንቋ ቀራጺውንና ፊልም ቀራጩን ዘመድ አድርገዋቸዋል። ስቱዲዮ ስትገቡ ይህን ብትነግሯቸው ጥሩ የወሬ መክፈቻ ይሆናል። ለኔ ሆኖልኛል።

ከሰው በፊት ቁሱን ምረጡ

ብዙ ሰው መጀመሪያ የሚፈልገው «ጥሩ ታሪክ ያለው» ቀራጺ ነው። እኔ የምለው ግን መጀመሪያ ቁሱን ወስኑ። ፊልሙ ምን እንደሚመስል፣ ምን እንደሚሰማበት፣ ስንት ቀን እንደሚፈጅ የሚወስነው ቁሱ ነው።

እንጨት ከሆነ ሥራው ቅርብና ጸጥተኛ ነው። ካይን ታፐር (1930–2004 እ.ኤ.አ.) የሚባለው ቀራጺ በእንጨት ሥራው በአገሩ በጣም ይታወቃል። በ1961 እ.ኤ.አ. ለኦሪቬሲ ቤተ ክርስቲያን መሠዊያ የሠራው የእንጨት ቅርጽ ብዙ ክርክር አስነስቶ ነበር። እንጨት የሚያምረው ከቅርብ ነው። ፍቅፋቂው ተጠቅልሎ ሲወድቅ፣ የቃጫው አቅጣጫ ሲለወጥና እጅ ሲያመነታ አጉልታችሁ አንሱ።

ነሐስ ከሆነ ቦታው ሁለት ነው፤ ስቱዲዮውና ማቅለጫ ቤቱ። በሰም የሚሠራ ከሆነ ቅርጹ መጀመሪያ በሰም ይወጣል። ሰሙ እሳት በሚችል ቅርፊት ይለበጣል። ሲሞቅ ሰሙ ቀልጦ ይወጣና በባዶው ቦታ ከ1000 ዲግሪ ሴልሺየስ በላይ የጋለ ነሐስ ይገባል። «ሰምና ወርቅ» የሚለው የቅኔ ስም የመጣው ከዚሁ ከአንጥረኛ ሥራ ስለሆነ፣ ለኛ ተመልካች ማስረዳት አያስቸግርም። የግርጌ ጽሑፉ ላይ «ሰሙ ወጣ» ብላችሁ ብትጽፉ ይበቃል።

ብረትና ብየዳ ከሆነ ኤይላ ሂልቱነንን (1922–2003 እ.ኤ.አ.) ሳታዩ አትጀምሩ። ሄልሲንኪ ያለው የሙዚቃ ደራሲው የሲቤሊየስ ሐውልት የእሳቸው ሥራ ነው። በ1967 እ.ኤ.አ. ተመረቀ። ከ600 በላይ የማይዝጉ የብረት ቱቦዎች በብየዳ ተያይዘውበታል፤ ክብደቱ ወደ 24 ቶን ነው። ቱሪስት ከሩቅ ፎቶ አንስቶ ይሄዳል። እናንተ ግን ተጠግታችሁ ቱቦዎቹን ዳስሱ። ላያቸው ሻካራ ነው፤ በእጅ የተሠራ መሆኑን ጣት ይነግራችኋል። ይህ ሥራ ለፊልም ሠሪ ሌላም ትምህርት አለው። ብዙ ሰው «ይህ ሲቤሊየስን አይመስልም» ብሎ ስላጉረመረመ ሂልቱነን የሙዚቀኛውን ፊት ለብቻ ሠርተው አጠገቡ አቆሙ። ተመልካች ፊት ይፈልጋል። እናንተም ዘጠና በመቶውን እጅ ብታሳዩ እንኳ አንድ ቦታ ላይ ፊቱን በደንብ ማየት አለብን።

ግራናይት ከሆነ ደግሞ ፊንላንድ ራሷ የግራናይት አገር ናት። ሄልሲንኪ ውስጥ በቤቶች መሀል ሳይቀር ዓለቱ ብቅ ብሎ ይታያል። የሄልሲንኪ ባቡር ጣቢያ መግቢያ ላይ ክብ መብራት ይዘው የቆሙት ትልልቅ ሰዎች የኤሚል ቪክስትሮም (1864–1942 እ.ኤ.አ.) ግራናይት ናቸው። የዚህ ሰው መኖሪያና ስቱዲዮ ቪሳቩኦሪ ይባላል፤ ሐይቅ ዳር ያለ ነው፤ ዛሬ ሙዚየም ሆኗል። ቀረጻ ከመጀመራችሁ በፊት ሄዳችሁ እዩት። አንድ ቀራጺ መስኮቱን ለምን ያን ያህል እንደሚያተልቀው እዚያ ይገባችኋል።

ከዚህ በኋላ የምጽፈው ግራናይትን እያሰብኩ ነው። የማውቀው እሱን ነውና።

መጠየቅ

የፊንላንድ ቀራጺዎች ማኅበር ከ1910 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያለ ሲሆን ሄልሲንኪ ውስጥ «ስኩልፕቶር» የሚባል የራሱ ጋለሪ አለው። ከዚያ ብትጀምሩ ጥሩ ነው። ድሮ የኬብል ፋብሪካ የነበረው ካፔሊቴህዳስ ውስጥም ብዙ የአርቲስት ስቱዲዮ አለ።

ስትጽፉላቸው አጭር ይሁን። የምስጋና ጋጋታ አያስፈልግም። የምትቀርጹበትን ቀን ብዛት፣ የፊልሙን ርዝመት፣ የት እንደሚታይና እናንተ ከሥራው ምን እንደማታቋርጡ ንገሯቸው። «ሥራዎን እንዲያቆሙልን አንጠይቅም» የምትል አንዲት ዓረፍተ ነገር ብዙ በር ትከፍታለች።

ቀጠሮ ላይ አንድ ነገር ተጠንቀቁ። «በ9» ሲሏችሁ በኛ አቆጣጠር ከጠዋቱ 3 ሰዓት ማለታቸው ነው። አብሯችሁ የሚሠራ ሐበሻ ካለ ይህን በጽሑፍ አስቀምጡለት። ሰዓት ማርፈድ እዚያ ቀላል ነገር አይደለም፤ አምስት ደቂቃም ቢሆን ደውሎ ማሳወቅ ይገባል።

የመጀመሪያው ቀን ያለ ካሜራ

ካሜራውን ቤት ተዉት። ማስታወሻ ደብተር ብቻ ያዙ። ቡና መቅረቡ አይቀርም። ፊንላንዶች በዓለም ላይ ብዙ ቡና ከሚጠጡት ሕዝቦች መሀል ናቸው። ቡናቸው ግን ብዙ ያልተቆላ፣ ፈዘዝ ያለ ነው። ቅመሱት፤ ወሬው ከዚያ ይጀምራል። ከኢትዮጵያ መሆናችሁን ሲሰሙ ስለ ቡና ጥያቄ መጠየቃቸው አይቀርም።

በዚያ ቀን የምትመዘግቡት ሦስት ነገር ነው። አንደኛ ድምፅ፦ ምን ምን ይሰማል? ሬዲዮ አለ? ማሞቂያው ያጓራል? ሁለተኛ ብርሃን፦ በየሰዓቱ ከየትኛው መስኮት ይገባል? ሦስተኛው ዋናው ነው፤ የእጅ ልማድ። እኔ የቀረጽኳቸው ቀራጺ ከመምታታቸው በፊት ሁልጊዜ የድንጋዩን ጥግ በአውራ ጣታቸው ጠረግ ያደርጋሉ። አቧራ ባይኖርም ያደርጉታል። ይህን ቀድሜ ስላወቅሁ ካሜራዬ አውራ ጣቱ ላይ ቀድሞ ይጠብቃል።

አንድ ቋጠሮ ምረጡ

አንድ ግራናይት ቅርጽ ወራት ሊፈጅ ይችላል። ስምንት ደቂቃ ፊልም ያንን ሁሉ አይሸከምም። ከሥራው አንዲት ደረጃ ምረጡ። ውጤቷ አስቀድሞ የማይታወቅ ትሁን። ድንጋይ መሰንጠቅ አንዷ ናት። የነሐስ ቅርፊት ሰብሮ ማውጣት ሌላዋ። ተመልካች «ይሳካ ይሆን?» ብሎ እንዲጠብቅ የሚያደርገው ይህ ነው።

ስንጠቃውን ጠጋ ብለን እንየው። በቀዳዳው ግራና ቀኝ ሁለት ቀጫጭን ብረቶች ይገባሉ፤ በመካከላቸው ሽብልቁ ይቀመጣል። ሽብልቁ ሲመታ ሁለቱን ብረቶች ወደ ጎን ይገፋል። ቀራጺው ሁሉንም እኩል ማጥበቅ አለበት። አንዱን አብዝቶ ከመታ ስንጥቁ መስመሩን ስቶ ሊሄድ ይችላል። እኩል መሆኑን በጆሮው ነው የሚያውቀው። መጀመሪያ ላይ ድምፁ ወፍራምና ድፍን ነው። እየጠበቀ ሲሄድ እየቀጠነ እየጠራ ይመጣል፤ ወደ ደወል ድምፅ ይጠጋል። ከዚያ መዶሻው ይቆማል። ጭንቀቱ ድንጋዩ ውስጥ ገብቷል፤ የሚቀረው ጊዜ ነው። አንዳንዴ ሰከንድ፣ አንዳንዴ ደቂቃዎች። ይህ ራሱ መጀመሪያ፣ መሀልና መጨረሻ ያለው ታሪክ ነው። እናንተ የምትጨምሩበት ነገር የለም።

ዕቃና ቅንብር

ውድ ካሜራ አያስፈልግም። ሁለት ሌንስ ይበቃል፤ አንድ ሰፊ፣ አንድ ከቅርብ የሚያነሳ። ጠንካራ ትራይፖድ ግን ግድ ነው።

ፊንላንድ የኤሌክትሪክ መስመሩ እንደ ኢትዮጵያው 50 ኸርዝ ነው። ስለዚህ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሹተሩን 1/50 አድርጉ። ከአሜሪካ ካሜራ ይዛችሁ የምትመጡ ግን ቅንብሩ ለ60 ኸርዝ ሊሆን ይችላል። ሳትቀይሩ ከቀረጻችሁ የስቱዲዮው መብራት ምስሉ ላይ ይርገበገባል። ይህን ኤዲቲንግ ላይ ማስተካከል ከባድ ነው። ካሜራውን ከቦርሳ እንዳወጣችሁ መጀመሪያ ይህን እዩ።

ክረምት ላይ ብርዱ ባትሪ ይበላል። ትርፍ ባትሪ በውስጥ ኪስ፣ ከሰውነታችሁ ጋር ይሁን። ከውጭ ወደ ሞቃት ስቱዲዮ ስትገቡ ካሜራው ያልበዋል። ውጭ ሳላችሁ ፕላስቲክ ከረጢት ውስጥ ከታችሁ አየሩን አስወጥታችሁ እሰሩ፤ ውስጥ ገብቶ እስኪሞቅ አትክፈቱ። ግማሽ ሰዓትም አንድ ሰዓትም ሊወስድ ይችላል። ቡናው ለዚህ ጊዜ ይሆናል።

አቧራው ከሁሉ የከፋ ነው። የግራናይት አቧራ ውስጥ ኳርትዝ አለ። ኳርትዝ ከመስታወት ይጠነክራል። ሌንሱን በጨርቅ ብትጠርጉት ትጭሩታላችሁ። በእጅ በሚጨመቅ መንፊያ ብቻ አራግፉ። ሌንስ ፊት ላይ መከላከያ ፊልተር ግጠሙ። ስቱዲዮ ውስጥ ሌንስ አትቀይሩ።

ከካሜራው በላይ ግን ሳንባችሁን አስቡ። ይህ አቧራ ሳንባ ውስጥ ገብቶ የማይድን በሽታ ያመጣል። ግራይንደር ወይም መሰርሰሪያ ሲነሳ ኤፍኤፍፒ3 የተባለውን ማስክ አድርጉ። የጆሮ መከላከያና የዓይን መነጽርም አድርጉ። ቀራጺው ሳያደርግ ብታዩም እናንተ አድርጉ። ብየዳ ከሆነ ብልጭታውን በባዶ ዓይን አትዩ። በመስታወት ብቻ በሚያሳይ ካሜራ መመልከቻ ውስጥም አትዩ። ካሜራውን በጎን አስቀምጣችሁ የሚነደውን ጫፍ ሳይሆን ጭንብሉ ላይ የሚያርፈውን ብርሃን አንሱ። እውነቱን ለመናገር ይህ ከብልጭታው የበለጠ ያምራል።

ብርሃኑ

ሄልሲንኪ በታኅሣሥ አጋማሽ ቀኑ ስድስት ሰዓት እንኳ አይሞላም። በሰኔ ግን ወደ 19 ሰዓት ይደርሳል። ሁለቱም ለቀረጻ ጥሩ ናቸው። የክረምት ፀሐይ ከመሬት ብዙ ከፍ አትልም፤ ብርሃኗ ከጎን ይመጣል። ከጎን የመጣ ብርሃን ደግሞ በድንጋይ ላይ የመሮውን እያንዳንዱን ጭረት ያወጣዋል። የጣሪያ መብራት ግን ሁሉንም ጠፍጣፋ ያደርገዋል።

ቀራጺውን «የጣሪያውን መብራት ላጥፋው?» ብላችሁ ጠይቁ። ለሥራው ካስፈለገው ተዉት፤ ጣት ላይ መዶሻ የሚያሳርፍ ቀረጻ አንፈልግም። ከተፈቀደላችሁ መስኮቱን ብቻ ተጠቀሙ። የክረምት ቀን ስለሚያጥር ዋና ዋናዎቹን ሾቶች እኩለ ቀን አካባቢ ላይ አድርጓቸው።

ምን ታነሳላችሁ?

በመጀመሪያ መላው ክፍል ከነሰውየው። ቀጥሎ እጆቹ። ቀጥሎ መሮው ድንጋዩን የሚነካበት ነጥብ። ቀጥሎ ፊቱ፤ ግን ሲናገር ሳይሆን ሲያዳምጥ። ከዚያ በኋላ ያለው ቁም ነገር መቆየት ነው። መዶሻው ሲቆም በልባችሁ እስከ ሠላሳ ቁጠሩ። እጅ ወደ ኋላ ሲመለስ፣ እግር ሁለት እርምጃ ሲያፈገፍግ፣ ዓይን ሲጠብ ታያላችሁ። ስንጠቃ ላይ ከሆናችሁ ደግሞ ድንጋዩ እስኪለይለት በፍጹም አታጥፉ። ለዚያ ሰዓት ሙሉ ባትሪና ባዶ ሜሞሪ ካርድ አዘጋጁ።

«እባክዎን ደግመው ይምቱት» ብላችሁ አትጠይቁ። የወጣ ጠጠር አይመለስም። ካመለጣችሁ አመለጣችሁ፤ ቀጣዩን ጠብቁ። ሰው ለካሜራ ብሎ ሲመታ ትከሻው ላይ ያስታውቃል።

ድምፁ

ፊልማችሁን የሚያድነው ድምፅ ነው። ካሜራው ላይ ያለው ማይክ አይበቃም። አንድ ማይክ ወደ ድንጋዩ አቅርቡ። ከቻላችሁ ደግሞ ዕቃ ላይ የሚለጠፍ ማይክ ፈልጉና ድንጋዩ ላይ ለጥፉት፤ በውስጡ የሚሄደው የሽብልቅ ድምፅ በአየር ከሚመጣው ሌላ ነገር ነው። የድምፁን መጠን የምታስተካክሉት በትልቁ ምት ነው። ትልቁ ምት -12 ዴሲቤል አካባቢ ይሁን። ግራይንደሩን ለብቻ፣ ዝቅ አድርጋችሁ ቅረጹ። ለፊልሙ ከሱ አሥር ሰከንድ ይበቃል።

ከመውጣታችሁ በፊት ሁሉም ሰው ዝም ብሎ የባዶውን ክፍል ድምፅ አንድ ደቂቃ ቅረጹ። ኤዲቲንግ ላይ ቀዳዳ የምትደፍኑት በሱ ነው።

ቃለ መጠይቁ

ሥራው ካለቀ በኋላ፣ እጃቸው አሁንም አቧራ እያለበት ጠይቁ። «ኪነ ጥበብ ለርስዎ ምንድን ነው?» የሚል ጥያቄ ቤት ይቅር። «ዛሬ የትኛው ቦታ ላይ አመነቱ?» በሉ። «ድንጋዩ እንደማይሰነጠቅ የሚያውቁት በምንድን ነው?» በሉ።

መልስ ሲዘገይ ዝምታውን አትሙሉት። ፊንላንዳዊ ሲያስብ ዝም ይላል፤ ተቆጥቶ አይደለም። ጨርሷል ብላችሁ ካሰባችሁ በኋላ የሚመጣው ዓረፍተ ነገር ብዙ ጊዜ ምርጡ ነው። ሌላም የምወደው ነገር አለ። አንዳንዶቹ «ዮ» ብለው አዎ ሲሉ አየር ወደ ውስጥ እየሳቡ ነው። ልክ እኛ በአንዲት አጭር ትንፋሽ «አዎ» እንደምንለው። የማያውቅ ኤዲተር የትንፋሽ ጫጫታ መስሎት ይቆርጠዋል። አትቁረጡት።

የግርጌ ጽሑፉን ወደ አማርኛ ስትመልሱ ሁለት ውሳኔ ይጠብቃችኋል። ፊንላንድኛ «ሃን» ሲል እሱም እሷም ማለት ነው፤ ወንድና ሴት አይለይም። ሰዉ ሁሉ ደግሞ ትልቁንም ትንሹንም «ሲና» ይላል፤ አንተ ወይም አንቺ እንደማለት ነው። ወጣት ረዳት የ65 ዓመት ቀራጺን «ሲና» ሲላቸው በአማርኛ «አንቺ» ብላችሁ ብትጽፉ ለኛ ተመልካች ስድብ ይመስላል። እኔ «እርስዎ» ብዬ ነው የጻፍኩት። በንግግሩ ውስጥ አክብሮቱ አለ፤ በቃሉ ላይ ስለሌለ ብቻ ልናጠፋው አይገባም።

መቁረጥ

አራት ሰዓት ቀረጻ ወደ ሰባት ደቂቃ ይወርዳል። ቀራጺው የሚሠራውን እናንተም ትሠራላችሁ፤ ማንሳት ነው እንጂ መጨመር አይደለም። መጀመሪያ በድምፅ ብቻ አያይዙት፤ ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ስሙት። የሽብልቆቹ ድምፅ እየቀጠነ መሄዱ ካልተሰማችሁ ቅደም ተከተሉ ተበላሽቷል ማለት ነው። ምቱን ከሥራው ቅደም ተከተል ውጭ አታቀያይሩ፤ ጆሮ ያውቅባችኋል።

መዶሻው ላይ ሙዚቃ አትጫኑ። ዝምታውንም አታሳጥሩ። የፊልማችሁ ረጅሙ ሾት መዶሻው ከቆመ በኋላ ያለው ይሁን። እኔ አርባ ሰከንድ ነው የተውኩት። «ረዘመ» ያሉኝ ነበሩ፤ ግን አልነካሁትም።

ፈቃድ

ከመጀመሪያው ቀን በፊት በጽሑፍ ተፈራረሙ። ቀራጺው ለፊልም መቀረጽ ብቻ ሳይሆን ሥራዎቹም መታየታቸውን ይፍቀድ። በፊንላንድ የቅጂ መብት ከሠሪው ሞት በኋላ 70 ዓመት ይቆያል። ስለዚህ የቪክስትሮም ሥራ ነጻ ነው፤ የሂልቱነን ግን አይደለም። አደባባይ የቆመን ሐውልት መቅረጽ ይቻላል፤ ነገር ግን ሐውልቱ የምስሉ ዋና ጉዳይ ከሆነና ገንዘብ የምታገኙበት ከሆነ ፈቃድ ያስፈልጋል። የዚያ አገር የሥዕልና የቅርጽ ባለሙያዎችን መብት የሚያስተዳድረው ድርጅት ኩቫስቶ ይባላል፤ እዚያ ጠይቁ።

ፊልሙን ለሕዝብ ከማውጣታችሁ በፊት ለቀራጺው አሳዩ። እኔ ላፕቶፔን ይዤ ስቱዲዮአቸው ሄድኩ። ሁለተኛውን ድንጋይ ሲሰነጥቁ ያነሳሁት ነበር፤ በዚያኛው አላጠፋሁም። ሰባቱን ደቂቃ ምንም ሳይሉ አዩት። ሲያልቅ ቡና ቀዱልኝ። ከዚያ ከሽብልቆቹ ጀምሮ እንድደግምላቸው ጠየቁኝ፤ በዚህኛው ጊዜ ስክሪኑን አላዩም፤ ጆሯቸውን ወደ ላፕቶፑ ድምፅ ማውጫ አስጠግተው ከግራ አራተኛውን ምት ሲሰሙ «እዚህ ጋ» አሉ፣ «እዚህ ጋ ነው የጀመረው»።